መሬት ሲወርድ ምን ይነሳል?

ሁለት ሰዎች ለጨዋታ ተቀምጠው ጠብ ከተነሳ፣ ምክንያቱ አብዛኛውን ጊዜ ሽንፈት አይደለም። "ይሄማ አይቆጠርም!"፣ "ተራዬ ገና አላለቀም!"፣ "እኛ ጋ እንዲህ አይደለም!" የሚሉት ሦስት አባባሎች ናቸው ነገር የሚያነሱት። ልብ ብሎ ላዳመጠ፣ ሦስቱም የሚናገሩት ተጫዋቹ ስላደረገው ነገር ሳይሆን ያደረገውን ተከትሎ ስለመጣው ነገር ነው።

እንበልና፣ ጢቾ ተወልዶ ያደገ አንድ የባንክ ባለሙያና ጎንደር ያደገ የሥራ ባልደረባው እሁድ ከሰዓት በኋላ አዲስ አበባ ላይ ለገበጣ ተቀመጡ። ጠጠር ማንሳትንና ማደልን በተመለከተ አይጣሉም፤ ሁለቱም ያውቁታል። የሚጣሉት የመጨረሻዋ ጠጠር ከወደቀች በኋላ ነው። "በላሁ" ይላል አንዱ። "ምን ቆርጦህ! እኛ አገር በዚህ አይበላም" ይላል ሌላው። ሁለቱም እውነታቸውን ነው። ለመሆኑ ይህ ለምን ይሆናል?

አራተኛዋ ጠጠር

በገበጣ ተጫዋቹ የሚመርጠው አንድ ነገር ብቻ ነው፦ የትኛውን ጉድጓድ እንደሚያነሳ። ሰሌዳው ከእንጨት የተፈለፈለ ይሁን፣ ወይም ከብት የሚጠብቁ ልጆች መሬት ላይ የቆፈሩት፣ ነገሩ ያው ነው። ጠጠሮቹን ያነሳል፤ በየጉድጓዱ አንድ አንድ እያደረገ ያድላል። ምርጫው እዚህ ላይ ያበቃል። ከዚያ ወዲያ የሚሆነውን የሚወስነው ደንቡ ነው።

በብዙ አካባቢ የመጨረሻዋ ጠጠር ባዶ ጉድጓድ ውስጥ ከወደቀች ተራ ያልፋል። ጠጠር ያለበት ጉድጓድ ውስጥ ከወደቀች ደግሞ ያንን አንስቶ ማደሉን ይቀጥላል። ከዚህም ያለፈ አለ። ሦስት ጠጠር ያለበትን የተጋጣሚ ጉድጓድ በመጨረሻዋ ጠጠር አራት ያደረሰ ሰው፣ ጉድጓዱን የራሱ የሚያደርግበት አጨዋወት ተመዝግቧል። እዚህ ላይ "አራት ሆነ" የሚለው ሁኔታ እንደ ጠመንጃ ምላጭ ነው። ተጫዋቹ "ይህን መሬት ውሰድልኝ" ብሎ አላዘዘም፤ ሁኔታው ሲሟላ መሬቱ በራሱ ባለቤት ቀየረ።

የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም የመጀመሪያው ዳይሬክተር የነበሩት ፕሮፌሰር ሪቻርድ ፓንክረስት፣ እ.ኤ.አ. በ1971 "ኢትዮጵያ ኦብዘርቨር" በተባለው መጽሔት ላይ ስለ ገበጣና ስለ መሰሎቹ ጨዋታዎች ሰፊ ጥናት አሳትመዋል። በአገራችንና በአፍሪካ ቀንድ የሚገኙትን በርካታ አጨዋወቶች በየአካባቢው ለይተው የመዘገቡበት ነው። ከአጨዋወቶቹ አንዱ "ላም ወለደች" ይባላል። ስሙ ራሱ ነገሩን ይናገራል፤ ላም ትወልዳለች እንጂ ማንም "ውለጂ" ብሎ አያዛትም።

እንግዲህ ለመግባባት ያህል የመጀመሪያውን "ድርጊት"፣ ሁለተኛውን "ተከታይ" እንበላቸው። ድርጊት ሰው መርጦ የሚያደርገው ነው። ተከታይ ደግሞ ሁኔታው ሲሟላ ደንቡ የሚያመጣው ነው። የጨዋታ ጠብ ሁሉ ማለት ይቻላል የሚፈላው በእነዚህ በሁለቱ መካከል ባለው ቦታ ነው።

መሬት የሚባል ካርድ

ይህንን ልዩነት እስከ ጥጉ የወሰደው ጨዋታ "ማጂክ፦ ዘ ጋዘሪንግ" የተባለው የካርድ ጨዋታ ነው። ሪቻርድ ጋርፊልድ የተባለ አሜሪካዊ የሒሳብ ሊቅ የፈለሰፈው ሲሆን፣ ለገበያ የቀረበው እ.ኤ.አ. በ1993 ነበር። እንደ ተራው ካርታ አንድ የጋራ ጥቅል የለውም። እያንዳንዱ ተጫዋች እየገዛና እየተለዋወጠ ካጠራቀማቸው ካርዶች የራሱን ጥቅል አዘጋጅቶ ይመጣል። በተለመደው አጨዋወት እያንዳንዱ በ20 የሕይወት ነጥብ ይጀምራል፤ ነጥቡ ያለቀበት ይሸነፋል።

ከካርዶቹ መካከል "መሬት" የሚባሉት የሁሉም መሠረት ናቸው። ሌሎቹን ካርዶች ለማውጣት የሚከፈለው ኃይል የሚመነጨው ከእነሱ ነው፤ መሬት የሌለው ተጫዋች እጁ ሙሉ ሆኖ ሥራ ፈቶ ይቀመጣል። በደንቡ መሠረት አንድ ሰው በራሱ ተራ ከእጁ መዘርጋት የሚችለው አንድ መሬት ብቻ ነው። ሌሎች ካርዶች ሲወጡ ተጋጣሚ "ቆይ!" ብሎ በራሱ ካርድ ሊያከሽፋቸው ይችላል። መሬት ግን ሲዘረጋ በመካከል የሚገባ የለም። ተዘረጋ፣ አለቀ።

ተከታዮቹ ደግሞ በካርዶቹ ላይ ተጽፈው ይገኛሉ። የሚታወቁትም በአነጋገራቸው ነው፤ "እንዲህ ሲሆን"፣ "እንዲህ በሆነ ቁጥር"፣ "በዚህ ጊዜ መጀመሪያ ላይ" ብለው ይጀምራሉ። እ.ኤ.አ. በ2009 "ዜንዲካር" በሚል ስም በወጣው የካርድ ስብስብ ውስጥ መሬት ወደ ሜዳ በገባ ቁጥር የሚነሱ ተከታዮች በብዛት መጡ።

አንድ ምሳሌ እንውሰድ። "ስቴፕ ሊንክስ" የተባለው የዱር ድመት ካርድ የማጥቃት ጉልበቱ 0፣ ጽናቱ 1 ነው። ሲታይ ምንም የማይረባ ነው። ሆኖም "በአንተ በኩል መሬት ወደ ሜዳ በገባ ቁጥር፣ ተራው እስኪያልቅ ድረስ በሁለቱም 2 ይጨመርለታል" ይላል። አሁን ተጫዋቹ መሬት ይዘረጋል። መሬቱ ግን ተራ መሬት አይደለም፤ 1 የሕይወት ነጥብ ከፍሎ፣ መሬቱን ራሱን መሥዋዕት አድርጎ፣ ከጥቅሉ ሌላ መሬት ፈልጎ ሜዳ ላይ ለማስቀመጥ የሚያስችል ነው።

እዚህ ላይ ጀማሪ ሁሉ ይጮሃል፦ "በአንድ ተራ አንድ መሬት ብቻ አልተባለም እንዴ?" ተብሏል። ገደቡ የተጣለው ግን "መዘርጋት" በሚለው ድርጊት ላይ ነው። ሁለተኛው መሬት አልተዘረጋም፤ በካርድ ትእዛዝ ሜዳ ላይ "ተቀመጠ"። የድመቱ ተከታይ ደግሞ የሚጠይቀው "መሬት ገባ ወይ?" ብሎ ነው እንጂ "እንዴት ገባ?" ብሎ አይደለም። ስለዚህ ሁለት ጊዜ ይነሳል። 0 እና 1 የነበረው ድመት 4 እና 5 ሆኖ ይወጣል። ተጋጣሚው የደንቡን ቃላት ለይቶ ካላነበበ ተታለልኩ ብሎ ይነሳል፤ የተታለለው ግን በራሱ ንባብ ነው።

ሁለተኛው ነገር መልስ የመስጠት ጉዳይ ነው። መሬቱ ሲዘረጋ ተጋጣሚ ሊያግደው እንደማይችል አይተናል። መሬቱ የቀሰቀሰው ተከታይ ግን ወዲያው አይፈጸምም። "ቁልል" በሚሉት የወረፋ ቦታ ላይ ይወጣና ሁለቱም ወገኖች የመናገር ዕድል ያገኛሉ። ተጋጣሚ በዚህች ክፍተት ድመቱን ሊገድለው ይችላል። ማለትም ድርጊቱን መከልከል ያልቻለ ሰው በተከታዩ ላይ ይደርስበታል።

የሁለቱም ወገን ተከታዮች በአንድ ጊዜ ቢነሱስ? መጀመሪያ ባለተራው የራሱን ቁልሉ ላይ ያወጣል፤ በላዩ ተጋጣሚው የራሱን ይደርባል። መፈጸም የሚጀመረው ከላይ ስለሆነ በመጨረሻ የወጣው ቀድሞ ይሆናል። በውጤቱ የተጋጣሚው ይቀድማል ማለት ነው። ሦስተኛው ጉዳይ ደግሞ የማስታወስ ነው። በውድድር ላይ ተከታዩን የማስታወስ ኃላፊነት የባለቤቱ ነው፤ ተጋጣሚ የማስታወስ ግዴታ የለበትም። ይህ ሁሉ ከ200 ገጽ በላይ በሆነ የደንብ መጽሐፍ ውስጥ ሰፍሯል።

የመጀመሪያው መብላት

"ይህ የፈረንጅ ነገር ማወሳሰብ ነው" የሚል አንባቢ ይኖር ይሆናል። እንዲህ ለሚል ሰው መልሱ ያለው በራሳችን ሰንጠረዥ ውስጥ ነው። የኢትዮጵያ ሰንጠረዥ በነገሥታቱና በመኳንንቱ ዘንድ ለዘመናት የተወደደ ጨዋታ ነበር። በዛሬው ዓለም አቀፍ ቼዝ የማይገኝ አስደናቂ ደንብም ነበረው፤ "ወረራ" ይባላል።

ጨዋታው ሲጀመር ተራ የሚባል ነገር የለም። ሁለቱም ወገኖች አንዱ ሌላውን ሳይጠብቅ የፈለጉትን ያህል ጠጠር ያንቀሳቅሳሉ። አንዱ የሌላውን አሰላለፍ እያየ የራሱን ይለውጣል፤ ያንቀሳቀሰውንም ይመልሳል። ይህ የሚቀጥለው አንደኛው ወገን የመጀመሪያውን ጠጠር እስኪበላ ድረስ ነው። ጠጠር ከተበላ በኋላ ወረራው ያበቃል፤ ከዚያ ወዲያ ሁሉም ነገር በተራ ይሆናል።

አሁን በያዝነው መነጽር እንየው። መብላቱ ድርጊት ነው። የጨዋታው ሕግ ራሱ ከነፃ እንቅስቃሴ ወደ ተራ መለወጡ ተከታይ ነው። አንዲት ተራ ጠጠር መብላት የሰሌዳውን ሥርዓት በሙሉ ትለውጣለች። ስለዚህ ብልህ ተጫዋች "ይህችን ብበላ ምን አገኛለሁ?" ብሎ ብቻ አይጠይቅም፤ "ብበላት ምን ይነሳል? ሲነሳስ እኔ ተሰልፌ ጨርሻለሁ ወይ?" ብሎ ይጠይቃል። ይህን የፈለሰፉት አባቶቻችን የአሜሪካው ሊቅ ከመወለዱ ከብዙ ዘመን በፊት ነበሩ። ልዩነቱ የእሱ ደንብ ተጽፎ በየጊዜው ይታደሳል፤ የእኛ ግን በቃል ኖሮ፣ ፓንክረስትና ጥቂት መንገደኞች ከመዘገቡት በቀር፣ ከተጫዋቾቹ ጋር አለፈ። በዛሬዎቹ የቼዝ ክበቦቻችን የሚጫወቱት ዓለም አቀፉን ነው።

ካልተጻፈ ማን ይወስናል?

ነገሩ የጨዋታ ብቻ ቢሆን ኖሮ ይህን ያህል ባላነጋገረ። የአርሲ ሰው ግን ይህን ትምህርት ከሰሌዳ ውጭ በእውነተኛ መሬት ላይ ተምሮታል። ያኔ ጠቅላይ ግዛቱ ጭላሎ፣ ጢቾና አርባ ጉጉ በሚባሉ አውራጃዎች የተከፈለ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1967 በስዊድን ድጋፍ የጭላሎ የእርሻ ልማት ድርጅት፣ በአጭሩ ካዱ፣ ዋና ጽሕፈት ቤቱን አሰላ ላይ አድርጎ ተቋቋመ። ዓላማው ምርጥ ዘር፣ ማዳበሪያና ብድር ለአነስተኛ ገበሬዎች ማድረስ ነበር። ድርጊቱ በጎ ነበር፤ ምርትም ጨመረ።

ተከታዩ ግን ሌላ ሆነ። መሬቱ ትርፍ እንደሚያስገኝ ያዩ ባለርስቶች በትራክተር ማረስ ጀመሩ፤ ብዙ ጭሰኞችም ተፈናቀሉ። በባለርስቱና በጭሰኛው መካከል የነበረው ውል በአብዛኛው የቃል ነበር። "ባለርስቱ ራሱ ማረስ ቢፈልግ ምን ይከተላል? የጭሰኛው መብት ምንድን ነው?" ለሚለው ጥያቄ በአብዛኛው በውሉ ውስጥ በጽሑፍ የሰፈረ መልስ አልነበረም። የጭሰኝነትን ግንኙነት የሚደነግግ ረቂቅ ሕግ ለፓርላማ ቢቀርብም ሳይጸድቅ ቀረ። ስለዚህ የወሰነው ጉልበት ያለው ወገን ነው። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የታወጀው የገጠር መሬት አዋጅ የጭሰኝነትን ሥርዓት ሲያስወግድ፣ ከጭላሎ የተፈናቀሉት መሬታቸውን ከለቀቁ ቆይተው ነበር።

ገበጣና ጭሰኝነት በክብደት አይወዳደሩም። በአንድ ነገር ግን ይመሳሰላሉ። ተከታዩ አስቀድሞ ተነግሮና ተጽፎ ካልተቀመጠ፣ ክርክር ሲነሳ የሚወስነው ድምፁ የጎላው፣ ዕድሜው የገፋው ወይም ሰሌዳው የእሱ የሆነው ሰው ነው። 200 ገጽ ደንብ አሰልቺ ቢሆንም አንድ ትልቅ ጥቅም አለው፤ የ15 ዓመት ልጅ ገጹን ገልጦ ለ50 ዓመቱ ተጋጣሚው "እዚህ ላይ እንዲህ ይላል" ሊለው ይችላል።

ወደ ጢቾውና ወደ ጎንደሬው እንመለስ። ጠጠር ከመታደሉ በፊት አራት ጥያቄዎችን ቢመልሱ እሁዳቸው በሰላም ያልፋል። ምን ሲሆን ምን ይነሳል? የሁለታችንም ቢነሳ የማን ይቀድማል? በመካከል መልስ መስጠት ይቻላል ወይ? ባለቤቱ ቢረሳው ያልፈዋል ወይስ ይታሰብለታል? የውል ረቂቅ የሚያዘጋጅ የሕግ ባለሙያም ሆነ የብድር ውል የሚፈርም ነጋዴ ከእነዚህ አራት ጥያቄዎች የተሻለ መነሻ አያገኝም።

ከሁሉም በላይ ግን መጻፍ ይበልጣል። "በቃል ያለ ይረሳል፣ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል" ይባል የለ? ጢቾም ሆነ አሰላ፣ ደብረ ታቦርም ሆነ ሐረር ገበጣ የሚያውቁ አባት፣ እናት ወይም አጎት ካሉዎት፣ በሚቀጥለው ስልክዎ ከጤንነታቸው ቀጥሎ አንድ ነገር ይጠይቋቸው፦ "እናንተ ጋ አራተኛዋ ጠጠር ስትወድቅ ምን ይሆናል?" መልሱን በአንድ ወረቀት ላይ ከነቦታው ስም ያስፍሩት። የሰንጠረዡ ወረራ የደረሰበት ዕጣ ገበጣውንም እንዳይደርስበት የሚያደርገው ይህ ወረቀት ነው።