«ዲሹ ዞሯል» እና ሌሎች ተረቶች፦ ኳሱ በማናውቀው ቋንቋ ሲመጣ

እሁድ ከሰዓት ነው። ጨዋታው ሊጀመር አሥር ደቂቃ ቀርቶታል፤ ቡናው ቶና ደርሷል፤ ጎረቤታችን ጋሽዬ ሪሞታቸውን እንደ ጅራፍ እያወዛወዙ ቴሌቪዥኑ ፊት ቆመዋል። ትናንት በእንግሊዝኛ ያየነው ቻናል ዛሬ በዓረብኛ ነው የሚያወራው። አንዱ «ዲሹ ዞሯል» አለ። ሌላው «ሪሲቨሩ ተቃጥሏል፤ እኔ ድሮም ብያለሁ» አለ። አንድ ጎረምሳ ጣሪያ ላይ ለመውጣት መሰላል ሊዋስ ሮጠ።

በስልክ የተገኘው ዲሽ ሰሪ ግን ካለበት ሳይነሣ፣ «ጋሼ፣ ሪሞቱ ላይ አውዲዮ የሚል ቁልፍ አለ፤ እሱን ይጫኑት» አላቸው። የቁልፎቹ ጽሑፍ በአውራ ጣት ተፍቆ ካለቀ ቆይቷል። በሦስተኛው ሙከራ ስክሪኑ ጥግ ላይ ትንሽ ሳጥን ብቅ አለች። ውስጧ ሁለት መስመር፣ በእያንዳንዱ መስመር ሦስት የላቲን ፊደል፦ «ኤ-አር-ኤ» እና «ኢ-ኤን-ጂ»። አንዴ ወደ ታች፣ ከዚያ ኦኬ፤ እንግሊዝኛው መጣ። መሰላሉ የደረሰው ተጫዋቾቹ ሲጨባበጡ ነው።

በዲጂታል ስርጭት ምስሉ አንድ ሆኖ ድምፁ ሁለት፣ ሦስት፣ ከዚያም በላይ ሊሆን ይችላል። ሲግናሉ የድምፆቹን ዝርዝር አብሮ ይዞ ይመጣል፤ ዝርዝሩ የእያንዳንዱን ድምፅ ቋንቋ በሦስት ፊደል ያሳውቃል። የአማርኛው ምልክት «ኤ-ኤም-ኤች» ነው። ሪሲቨሩ ዝርዝሩን አንብቦ አንዱን ይመርጣል። የኳሱ ቋንቋ ድንገት ሲቀየር አብዛኛውን ጊዜ የተለወጠው ዝርዝሩ ወይም ምርጫው ነው። ይህን ያላወቀ ሳሎን ግን ተረት ሲወልድ ያመሻል።

ተረት 1፦ «ዲሹ ዞሯል።»

እውነታ፦ ዲሽ ሲዞር ቋንቋ አይመርጥም። አቅጣጫውን ሲስት ምስሉ ይቆራረጣል፣ ይደርቃል፣ በመጨረሻም «ሲግናል የለም» የሚል ጽሑፍ ይመጣል። ናይልሳት ያለው በ7 ዲግሪ ምዕራብ ነው፤ የኢትዮሳት ቻናሎች የሚመጡት ደግሞ ከ57 ዲግሪ ምሥራቅ ነው። በነፋስ የተገፋ ዲሽ ከአንዱ ወደ ሌላው ዘልሎ ያንኑ ጨዋታ በሌላ ቋንቋ አያመጣም። ምስሉ ጥርት ብሎ ድምፁ ብቻ ከተቀየረ መሰላሉ ይመለስ።

አንድ የሚያሳስት ነገር ግን አለ። አንዳንድ ጣቢያ ያንኑ ጨዋታ በሁለት ቻናል ያስተላልፋል፤ ስማቸው ተመሳሳይ፣ ቁጥራቸው የተለያየ፣ ቋንቋቸውም ለየቅል። ትናንት ያዩት 14ኛው፣ ዛሬ የከፈቱት 15ኛው ሊሆን ይችላል።

ተረት 2፦ «ሜኑውን እንግሊዝኛ አድርጌዋለሁ፤ ድምፁም እንግሊዝኛ መሆን አለበት።»

እውነታ፦ የሜኑ ቋንቋ ሪሲቨሩ ከእርስዎ ጋር የሚነጋገርበት ነው፤ የጨዋታውን ድምፅ አይነካም። የድምፅ ቋንቋ ለብቻው የሚሞላ ቦታ አለው። በብዙ ሪሲቨሮች ላይ «አንደኛ አውዲዮ» እና «ሁለተኛ አውዲዮ» ተብሎ ይገኛል። እዚያ ያልተሞላ ነገር ካለ ሪሲቨሩ ከዝርዝሩ መጀመሪያ ያገኘውን ያጫውታል። ጣቢያው አንድ ቀን ዓረብኛውን ከላይ ካስቀመጠው እርስዎ ምንም ሳይነኩ ቤቱ በዓረብኛ ይሞላል።

ሞልተውትም ላይሠራ ይችላል፤ ምክንያቱም ሪሲቨሩ ቋንቋ አይሰማም፣ የሚያነበው ምልክቱን ነው። ጣቢያው ዓረብኛውን «ኢ-ኤን-ጂ» ብሎ ቢለጥፍበት ሪሲቨሩ አምኖ ይቀበላል። ፈረንሳይኛ ደግሞ ሁለት ምልክት አለው፤ «ኤፍ-አር-ኤ» እና «ኤፍ-አር-ኢ»። አንዱን ብቻ የሚያውቅ ሪሲቨር ሌላውን ሲያይ እንዳላየ ያልፋል። እንዲህ ሲሆን መፍትሔው በጆሮ እየሰሙ በእጅ መምረጥ ነው።

ተረት 3፦ «ዋናው ድምፅ እንግሊዝኛ ነው፤ ሌላው ከላዩ የተጫነ ነው።»

እውነታ፦ የእግር ኳስ ጨዋታ የትውልድ ቋንቋ የለውም። በዓለም ዋንጫ ምስሉን ለዓለም የሚያዘጋጀው እ.ኤ.አ. በ1999 የተቋቋመው ኤች-ቢ-ኤስ የተባለ ድርጅት ነው፤ ለኦሊምፒክ ደግሞ ዓለም አቀፉ የኦሊምፒክ ኮሚቴ እ.ኤ.አ. በ2001 ያቋቋመው ኦ-ቢ-ኤስ አለ። ከስታዲየም ለየአገሩ ከሚላከው መካከል ተንታኝ የሌለበት ድምፅ ይገኝበታል፤ የደጋፊ ጩኸት፣ የዳኛ ፊሽካ፣ ኳስ ስትመታ የምትሰማው «ድም»። የየአገሩ ጣቢያ የራሱን ሰው ድምፅ ይጨምርበታል። ሰውየው ስታዲየም ውስጥ ሊሆን ይችላል፤ እንደ እኛው ስክሪን እያየ ከስቱዲዮ የሚያስተላልፍም ብዙ ነው። እንግሊዝኛውም ዓረብኛውም አማርኛውም እኩል «ከላይ የተጫኑ» ናቸው።

ተረት 4፦ «ሁለት ሰው እኩል እያወራ ነው፤ ጣቢያው ተበላሽቷል።»

እውነታ፦ አንዳንድ ጣቢያ ቦታ ለመቆጠብ አንዱን ቋንቋ በግራ፣ ሌላውን በቀኝ የድምፅ መስመር ይልካል። ሪሲቨሩ ሁለቱንም አንድ ላይ ሲያጫውት አንዱ «ጎል!» ብሎ ሳይጨርስ ሌላው በሌላ ቋንቋ ይደርብበታል። ያቺው አውዲዮ የምትለው ቁልፍ ብዙ ጊዜ «ግራ»፣ «ቀኝ»፣ «ስቴሪዮ» የሚል ምርጫ ታሳያለች። አንዱን ጎን ይምረጡ፤ አንዱ ሰውዬ ዝም ይላል።

ተረት 5፦ «እንግሊዝኛውን ስመርጥ ድምፁ ይጠፋል፤ ቆልፈውብናል።»

እውነታ፦ ተቆልፎ ላይሆን ይችላል። አንዳንዱ ድምፅ የሚመጣው ዶልቢ በሚባለው አሠራር ታሽጎ ነው፤ ርካሽ ሪሲቨሮች ብዙ ጊዜ ይህን መፍታት አይችሉም። በዝርዝሩ ላይ ከቋንቋው ጎን «ዶልቢ» ወይም «ኤ-ሲ-3» የሚል ካለ ያንኑ ቋንቋ ያለ ዶልቢ የያዘ ሌላ መስመር ይፈልጉ። ከሌለ የሪሲቨሩን የኤች-ዲ-ኤም-አይ ድምፅ ማስተካከያ ይሞክሩ፤ ድምፁን ሳይፈታ ወደ ቴሌቪዥኑ እንዲያሳልፍ ሲታዘዝ ቴሌቪዥኑ ሊፈታው ይችላል።

ተረት 6፦ «ጥፋቱ የቴሌቪዥኑ ነው።»

እውነታ፦ ሪሲቨር ወይም የኬብል ሳጥን በኤች-ዲ-ኤም-አይ ከተሰካ የሚመርጠው ሳጥኑ ነው፤ ቴሌቪዥኑ የተሰጠውን ብቻ ያሰማል። አሜሪካ ያሉ ዘመዶቻችን በዚህ ብዙ ይለፋሉ። እዚያ «ኤስ-ኤ-ፒ» የሚባል ሁለተኛ የድምፅ መስመር እ.ኤ.አ. ከ1984 ጀምሮ አለ፤ ቤዝቦሉና የአሜሪካ ፉትቦሉ በእስፓኒሽ የሚሰማው በዚህ መንገድ ነው። ሕፃን ልጅ በሪሞት ሲጫወት አንዴ ከነካው ጨዋታው በእስፓኒሽ ይቀጥላል፤ አባት የቴሌቪዥኑን ሜኑ ሲያገላብጥ ያመሻል፤ ምርጫው ግን የኬብል ሳጥኑ ውስጥ ነው ያለው።

በዚሁ መስመር ሌላም እንግዳ ይመጣል። ፊልም ሲከፈት «ሴትየዋ በሩን ከፍታ ገባች» እያለ የሚተርክ ድምፅ ከሰሙ ለዓይነ ስውራን የተዘጋጀ የምስል ትረካ ነው። እ.ኤ.አ. በ2010 በወጣ የአሜሪካ ሕግ መሠረት የተወሰኑ ጣቢያዎች የማቅረብ ግዴታ አለባቸው። ማጥፊያው የሳጥኑ የድምፅ ቋንቋ ወይም የተደራሽነት ሜኑ ውስጥ ይገኛል።

ተረት 7፦ «ሪሴት ካደረጉት ሁሉም ይስተካከላል።»

እውነታ፦ ሪሴት የቻናል ዝርዝሩን፣ ያስተካከሏቸውን ፍሪኩዌንሲዎች፣ የመረጡትንም ቋንቋ አብሮ ይጠርጋል። የአንድ ቁልፍ ሥራ የአንድ ሰዓት ሰርች ይሆናል። የመጨረሻ አማራጭ እንጂ የመጀመሪያ አይደለም።

ተረት 8፦ «አማርኛው አለ፤ የሚያወጣው ባለሙያ ጠፍቶ ነው።»

እውነታ፦ ይህኛው ተረት ገንዘብ ያስወጣል። ሪሲቨር ከተላከለት ይመርጣል እንጂ ያልተላከለትን አይተረጉምም። ዝርዝሩ ላይ አንድ መስመር ብቻ ካለ የትኛውም ባለሙያ ሁለተኛ አይጨምርበትም። አማርኛ የሚመጣው የማስተላለፍ መብት የገዛ ጣቢያ አማርኛ ተናጋሪ አስተላላፊ ሲቀጥር ነው፤ በዲ-ኤስ-ቲቪ «ሱፐርስፖርት ልዩ» የተባለው ቻናል የአማርኛ ስርጭት ይዞ የመጣው በዚህ መንገድ ነው።

እስከዚያው ብዙ ቤት የሚያውቀው ዘዴ አለ፤ የቴሌቪዥኑን ድምፅ አጥፍቶ በኤፍ-ኤም ሬዲዮ ማዳመጥ። ችግሩ ሬዲዮው ጎሉን ቀድሞ ሲነግርዎ ነው። ብዙ ሰው በሳተላይቱ ርቀት ያሳብባል፤ ሳተላይቱ ወደ 36 ሺህ ኪሎ ሜትር ቢርቅም ሲግናሉ ወጥቶ ለመመለስ የሚፈጅበት ሩብ ሰከንድ ገደማ ነው። ዋናው መዘግየት ምስሉ ሲጨመቅና ሲፈታ የሚመጣው ነው፤ በኢንተርኔት ሲሆን ደግሞ በአሥር ሰከንዶች ሊቆጠር ይችላል። ሬዲዮው ወደ ኋላ ከቀረ ቴሌቪዥኑን ለአፍታ ማቆም ያገጣጥማቸዋል፤ ከቀደመ ግን ምስሉን ማስሮጥ አይቻልም።

እንግዲህ ቅደም ተከተሉ ይህ ነው። መጀመሪያ ሌላ ቻናል ይክፈቱ፤ እዚያ ደህና ከሆነ ጉዳዩ የአንዱ ቻናል ነው። ወደ ጨዋታው ተመልሰው አውዲዮን ይጫኑ፤ ቋንቋውን፣ ከዚያ ግራና ቀኙን ይሞክሩ። ተመልሶ ተመልሶ ከተቀየረብዎ አንደኛና ሁለተኛ አውዲዮን በሜኑ ይሙሉ። ዝርዝሩ ላይ የሚፈልጉት ቋንቋ ከሌለ እዚያው ያቁሙ፤ የሚደወለው ለጣቢያው ነው፣ ለዲሽ ሰሪው አይደለም።

ባለፈው እሁድ ጋሽዬ ቤት ስገባ ሪሞቱ ጠረጴዛው ላይ ነበር። ጽሑፉ ከተፋቀው ቁልፍ በላይ ትንሽ ነጭ ፕላስተር ተለጥፏል፤ በእስክሪፕቶ «ቋንቋ» ይላል።