የሲራራውን ጭነት ሁሉ መናገር

ከደጀን ተነስተን ወደ አባይ በረሃ መውረድ ስንጀምር ከእንግዶቼ አንዱ «ታዲያ ወርቁ የት ነው?» ማለቱ አይቀርም። ጥያቄው ተገቢ ነው፤ የአንድ ቀን ጉብኝታችንን የምናስተዋውቀው የጥንት ወርቅ ነጋዴዎች ያለፉበት አገር ብለን ነውና። መልሴ ሁልጊዜ አንድ ነው፦ ወርቁ እዚህ አልነበረም፤ እዚህ የነበረው መንገዱ ነው። አስጎብኚነትን ሙያዬ ካደረግሁ ወዲህ አብዝቼ ያሰብሁበት ጉዳይም ይኸው ነው። ሕንፃ ያልተረፈለትን መንገድ ለሰው እንዴት ታሳያለህ? ስለ መንገዱስ ምን ምኑን ትናገራለህ?

እ.ኤ.አ. በ1849 በካሊፎርኒያ፣ በ1851 ደግሞ በአውስትራሊያዋ ባላራት ወርቅ ተገኘ ተብሎ ሰው ሲጎርፍ ከተሞች ባጭር ጊዜ ተቆርቁረዋል። ዛሬ ወደዚያ የሚሄድ ጎብኚ ዓይኑን የሚያሳርፍበት አያጣም፤ የቆየ ጎዳና አለ፣ የማዕድን ጉድጓድ አለ፣ ሙዚየም አለ። የእኛ ወርቅ ግን የወጣው ሌላ አገር፣ የተሸጠው ሌላ አገር ነው። በመካከሉ በበቅሎና በአህያ ጀርባ ወራት የሚፈጅ መንገድ ተጉዟል። ጥሎልን ያለፈው የገበያ ሜዳና የወንዝ መሻገሪያ ብቻ ነው። እንዲህ ባለ አገር አስጎብኚው የሚናገረው ነገር ከሚታየው ይበልጣል፤ ስለዚህም ኃላፊነቱ ከባድ ነው።

ጉዟችን የሚጀምረው ማለዳ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ነው። ደጀን ከባሕር ጠለል በላይ ወደ 2,400 ሜትር ከፍታ ላይ ያለች ከተማ ስለሆነች በዚያ ሰዓት ጋቢ ያስፈልጋል። ወንዙ ዳር ስንደርስ ግን ከፍታው ከ1,000 ሜትር ብዙም አይበልጥም፤ ጋቢውም ሹራቡም መኪና ውስጥ ይቀራል። ከማዶዋ ጎሃ ጽዮን እስከ ደጀን በበረሃው የሚጠማዘዘው መንገድ 40 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ሹፌራችን በዝቅተኛ ማርሽ ነው የሚወርደው፤ ፍሬን እየረገጡ መውረድ ፍሬኑን ያግለዋል። ከታች የሚመጡት ተሳቢዎችም ዳገቱን የሚወጡት በዝግታ ስለሆነ መቸኮል ለማንም አይበጅም። ዝንጀሮዎቹ ምግብ ፍለጋ ወደ መኪናው ሲጠጉ መስኮት እንዲዘጋ፣ ምንም እንዳይወረወርላቸው እለምናለሁ፤ ከሰው እጅ መብላት የለመደ ዝንጀሮ ከአስፋልቱ አይጠፋም፣ አንድ ቀን ተሳቢ ይገጨዋል።

ወደ ታች ስንወርድ የድንጋዩ መልክ ይለዋወጣል፤ የወርቁም ጥያቄ የመጀመሪያ መልሱን የሚያገኘው ከዚህ ነው። ከላይ ያለው ጥቁር ድንጋይ ከ30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት ከምድር ውስጥ ፈስሶ የረጋ ባዛልት ነው፤ የደጀንን የጤፍ ማሳ የሸፈነው ጥቁር አፈርም የተገኘው ከእርሱ ነው። ከሥሩ የአሸዋ ድንጋይ፣ ቀጥሎ የኖራ ድንጋይ፣ ከዚያም ጂፕሰም ያለበት ንብብር ይመጣል፤ ወንዙ አጠገብ ደግሞ እንደገና የአሸዋ ድንጋይ እናገኛለን። የኖራው ድንጋይ የተፈጠረው ይህ ምድር በባሕር ተሸፍኖ በነበረበት ዘመን ነው። ጂፕሰሙም ጨዋማ ውኃ እየተነነ ሲደርቅ የቀረ ነው። ወርቅ በእነዚህ ንብብሮች ውስጥ የለም። ወርቅ ያለበት ከእነዚህ ሁሉ ሥር የተቀበረው እጅግ ጥንታዊ ዐለት ነው፤ እርሱም ከዚህ በስተምዕራብ፣ በመተከል፣ በቤኒሻንጉልና በወለጋ ወደ ላይ ብቅ ይላል። በዚያ አካባቢ ሰው ከጥንት ጀምሮ የወንዝ አሸዋ እያጠበ ወርቅ ያወጣል። ዛሬም ባህላዊ አምራቹ የሚሠራው በዚሁ ዘዴ ነው። እንግዶቼ ይህን ሲሰሙ ጥያቄያቸው ይለወጣል። ወርቁ ከዚያ ማዶ ከሆነ እንዴት ተሻገረ? ማን አሻገረው? ይላሉ።

ድልድዩ ጋ ስንደርስ ለዚህ መልስ እሰጣለሁ። ዛሬ የምንሻገርበት የህዳሴ ድልድይ በጃፓን መንግሥት እርዳታ ተሠርቶ የተመረቀው በ2000 ዓ.ም. ማብቂያ ላይ ነው፤ ርዝመቱ 303 ሜትር ነው። አጠገቡ ለብዙ ዘመን ያገለገለው አሮጌው ድልድይ ቆሟል። በሥፍራው ጥበቃዎች ስላሉ ፎቶ ከመነሳቱ በፊት ፈቃድ እጠይቃለሁ። ጥግ ይዘን ከቆምን በኋላ ሁለቱም ድልድዮች የሌሉበትን ዘመን እንዲያስቡ አደርጋለሁ። ክረምት ሲገባ አባይ ይሞላል፣ መሻገሪያው ሁሉ ይዘጋል። ነጋዴው መስቀል አልፎ ውኃው እስኪጎድል ማዶ ለማዶ ሆኖ ይጠብቃል። ሲጎድልም አዞው አለ፣ ወባው አለ፣ ሽፍታው አለ። ይህን ሁሉ አልፎ የወጣውን ደግሞ የየአገሩ ገዥ ኬላ ላይ ይጠብቀዋል፤ ቀረጥ ሳይከፍል አያልፍም።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ሳልሸሽግ እናገራለሁ። ትልቁ የነጋዴዎች ሲራራ የተሻገረው በዚህ በቆምንበት ቦታ አይደለም። በደጀን በኩል ያለው መንገድ ጎጃምን ከሰላሌና ከሸዋ ያገናኛል። የወርቁና የዝሆን ጥርሱ ሲራራ ግን ከከፋ ቦንጋ፣ ከእናርያ ሰቃ ተነስቶ ጉድሩ አሰንዳቦ ገበያ ይደርስና ከዛሬው ድልድይ በታች በምዕራብ በኩል ባሉት መሻገሪያዎች ወደ ባሶ ይወጣ ነበር። ባሶ ከደብረ ማርቆስ በስተደቡብ፣ በየጁቤ አካባቢ የነበረ ገበያ ነው። እንግዳን ለማስደሰት ብሎ መንገዱን ወደ ድልድዩ ማምጣት ቀላል ነው፤ ግን እውነት አይደለም። እውነቱን ሲሰሙ ቅር የሚላቸው ቢኖሩም ከሰዓት በኋላ ወደ የጁቤ ስንሄድ ለምን እንደምንሄድ ያውቃሉ።

ከበረሃው ወጥተን ደጀን ምሳ እንበላለን፤ ከዚያ በሉማሜ አድርገን ወደ ደብረ ማርቆስ 70 ኪሎ ሜትር ያህል እንነዳለን። ከመስከረም እስከ ኅዳር ከሆነ ግራና ቀኙ ለዓይን ይሞላል፤ መጀመሪያ አደይ አበባው፣ ቀጥሎ የደረሰው ጤፍ። በመንገድ ላይ የባሶን ገበያ እተርካለሁ። እ.ኤ.አ. በ1842 እንግሊዛዊው ቻርልስ ቢክ በዚያ አካባቢ ተቀምጦ ስለ ንግዱ ጽፏል። ከደቡብ ቡና፣ ወርቅ፣ የዝሆን ጥርስና ዝባድ ይመጣል፤ ከሰሜን ጨርቃ ጨርቅ፣ ዶቃና አሞሌ ጨው ይወርዳል። ወርቁ የሚመዘነው በወቄት ነው። አሞሌው ከአፋር ዝቅተኛ ምድር ተቆርጦ የመጣ ነው፤ ከምንጩ በራቀ ቁጥር ዋጋው እየጨመረ ስለሚሄድ ባሶ ሲደርስ እንደ ገንዘብ ያገለግላል። ከባሕር ጠለል በታች የተቆረጠ ጨው ከምዕራብ ወንዞች ከታጠበ ወርቅ ጋር የተገናኘው በዚህ በጎጃም ደጋ ላይ ነው። ወርቁ ከባሶ በይፋግና በጎንደር አልፎ ምጽዋ ወደብ ይደርሳል።

ደብረ ማርቆስ ላይ ቆይታችን አጭር ነው። የንጉሥ ተክለ ሃይማኖትን ቤተ መንግሥት አሳይቼ እንግዶቼ የእምባቦን ጦርነት ከገበያው ጋር አያይዘው እንዲያዩት እጥራለሁ። በጥር 1873 ዓ.ም. ዐፄ ዮሐንስ ራስ አዳልን ተክለ ሃይማኖት ብለው ሲያነግሡ ማዕረጉ የጎጃምና የከፋ ንጉሥ ነበር። ከፋ ከአባይ ማዶ ብዙ ቀን ያስኬዳል። ማዕረጉ ከማዶ ያለውን ሀብት ማን እንደሚይዘው የሚናገር ነው፤ ያንኑ ሀብት ግን የሸዋው ንጉሥ ምኒልክም ይፈልጉት ነበር። በግንቦት 1874 ዓ.ም. ሁለቱ ጦሮች ሆሮ ጉድሩ ውስጥ እምባቦ ላይ ተጋጠሙ። የጦር መሪው ራስ ጎበና ከምኒልክ ጋር ነበሩ። ተክለ ሃይማኖት ቆስለው ተማረኩ። ከዚያ ወዲህ የደቡብ ምዕራቡ ንግድ በሸዋ እጅ ገባ፤ ኋላም የባቡሩ ሐዲድ አዲስ አበባ ሲደርስ ብዙው ዕቃ ወደ ጅቡቲ ዞረ። ባሶ የቀዘቀዘችው በእነዚህ ምክንያቶች ነው።

የጁቤ ስንደርስ ቀኑ ወደ ማለቁ ነው። የቀኑን ዋና ነገር የምናገረው እዚህ ነው። ከሲራራው ጭነት እስካሁን ያልጠራሁት አለ፤ እርሱም ሰው ነው። ከአባይ ማዶ የተፈነገሉና የተማረኩ ሰዎች፣ ብዙዎቹ ሕፃናትና ሴቶች፣ ከወርቁና ከቡናው ጋር እየተነዱ በዚሁ መንገድ አልፈዋል። በዚሁ ገበያ ዋጋ ተቆርጦላቸዋል። በአገራችን ባርነትን በሕግ የሻረው አዋጅ የወጣው በ1934 ዓ.ም. ነው፤ ከዛሬ አንድ መቶ ዓመት እንኳ አይሞላውም።

አንዳንድ የሙያ ባልደረቦቼ ይህን መናገር የእንግዳውን ቀን ያበላሻል ይላሉ። ሰው የመጣው ገደሉን ሊያይ፣ አየር ሊቀይር ነው፣ ለምን ታሳዝነዋለህ? ይሉኛል። አሳባቸውን አከብራለሁ፤ ግን አልቀበለውም። ወርቁን ተናግሮ ሰውን የሚዘል አስጎብኚ ነጋዴውን ብቻ አንቆለጳጵሶ ይመለሳል። በሌላ በኩል ባሪያ ንግዱን ብቻ የሚያወራም መንገዱን አላወቀውም፤ የደከሙ በቅሎ ነጂዎች፣ ከገበያው ዳር እንጀራ ጋግረው የሚሸጡ ሴቶች፣ ከሙስሊሙ የጀበርቲ ነጋዴ ጋር ቃል ተግባብተው ዘመናት የኖሩ ገበሬዎችም ነበሩበት። ጭነቱን ሁሉ መናገር ማለት ይህ ነው። ከእንግዶቼ መካከል አያቶቻቸው የነገዱ አሉ፤ አያቶቻቸው የተሸጡም ሊኖሩ ይችላሉ። ሁለቱም አንድ መኪና ውስጥ ተቀምጠው ሲሰሙ ማንንም ሳልወቅስ፣ ማንንም ሳልሸነግል መናገር ግዴታዬ ነው።

ቡድኑ ከስምንት ሰው እንዳይበልጥ የምለውም ስለዚህ ነው። ብዙ ሰው ቢጫን ገቢው እንደሚበልጥ አውቃለሁ። ነገር ግን በትልቅ አውቶቡስ ድምፅ ማጉያ ስለ ተሸጡ ሕፃናት አይወራም። በትንሽ ቡድን ግን የሰሚውን ፊት አያለሁ፤ ማን ዝም እንዳለ፣ ማን መጠየቅ ፈልጎ እንደተወ አስተውላለሁ። ደግሞም ከእንግዶቹ የምማረው በዚሁ ነው። አንድ ጊዜ ወደ ሰማንያ የሚጠጉ አባት አብረውን ወረዱ። በልጅነታቸው ከአባታቸው ጋር ጨው ጭነው በእግር ይጓዙ እንደነበር ሲያጫውቱን ወጣቶቹ «አባ፣ ማታ የት ታድሩ ነበር?» «ውኃስ ከየት?» እያሉ ከበቧቸው። በዚያች ግማሽ ሰዓት የእኔ ገለጻ አላስፈለገም። አምሳ ሰው ቢሆን ኖሮ ያ ጨዋታ አይኖርም ነበር።

ከ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ወዲህ ክልላችን ባለበት ግጭት ጉዟችን በተደጋጋሚ ተቋርጧል። መንገዱ ሰላም መሆኑን ሳላረጋግጥ እንግዳ ይዤ አልወጣም፤ የሰው ነፍስ ከገቢ ይቀድማል። ሥራ በሚታጣበት ጊዜ የሚጎዳው አስጎብኚው ብቻ አይደለም። ምሳ የሚያዘጋጁት እናቶች፣ ሹፌሩ፣ ቆሎና ማር የሚሸጡት ልጆች ሁሉ ይጎዳሉ። በዚያው ላይ የወርቅ ዋጋ በናረበት ዘመን ወጣቱ ትምህርቱን ትቶ ወደ ማዕድን ቦታዎች ይነጉዳል፤ ከደጀንም ከአካባቢውም የሄዱ አሉ። ለእነርሱም የድሮው ሲራራ ታሪክ ይጠቅማቸዋል ብዬ አምናለሁ። ወርቅ ብዙ እጅ ያልፋል፤ በየኬላው ይቀነሳል፤ አሸዋውን ያጠበው ሰው የሚደርሰው ግን ጥቂት ነው። በባሶ ዘመን እንደዚህ ነበር፤ ዛሬም ወርቅ ሊያጥብ የሚሄድ ልጅ ይህን አውቆ ቢሄድ ይሻለዋል።

በሥራ መፍታቱ ጊዜ ልንሠራው የሚገባ ነገር አለ። ስለ ገበያው ከአባቶቻቸው የሰሙ ሽማግሌዎች በየጁቤም በደጀንም አሁንም አሉ፤ ቃላቸው ግን አልተቀዳም። የወረዳዎቹ የባህልና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤቶች፣ የደብረ ማርቆስ ዩኒቨርሲቲ የታሪክ ተማሪዎችና እኛ አስጎብኚዎች ተባብረን ብንቀዳው ብዙ ወጪ አይጠይቅም። የባሶ ገበያ በነበረበት አካባቢም አንድ ሰሌዳ ቢቆም እላለሁ። ሰሌዳው ላይ ወርቁ ይጻፍ፣ ቡናው ይጻፍ፣ ዝባዱና አሞሌው ይጻፉ፤ ተነድተው ያለፉትም ሰዎች በዚያው ሰሌዳ፣ በዚያው መጠን ይጻፉ። መንገዱ ሲከፈት እንግዶቼን ወደዚያ የሚመሩት የየጁቤ ወጣቶች እንዲሆኑ እፈልጋለሁ፤ እስከዚያው ማሠልጠኑን እኔ ለመጀመር ዝግጁ ነኝ።