ቃሉን ልጁ ይጨርሰው

የመጨረሻው ልጄ መንተባተብ የጀመረው በአራት ዓመቱ ነው። “ውሃ” ለማለት “ው…ው…ው” እያለ ዓይኑን ጨፍኖ ሲታገል አንጀቴ አልችል ይልና ቃሉን እኔ እጨርስለት ነበር። እናቴ “ደንግጦ ነው” ትላለች። ጎረቤት “ቀስ በል በይው” ይለኛል። እኔ ደግሞ የረዳሁት እየመሰለኝ በእሱ ፈንታ እናገራለሁ። ከዚህ ልማዴ እንድላቀቅ ያደረገኝ የአንድ የፊልም ጸሐፊ ታሪክ ነው።

ሰውየው ዴቪድ ሳይድለር ይባላል። እ.ኤ.አ. በ1937 ለንደን ተወለደ (ሌሎቹም ዓመታት በዚሁ አቆጣጠር ናቸው)። ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሲነሳ ቤተሰቡ ወደ አሜሪካ ተሻገረ፤ ሦስት ዓመት ሊሞላው ጥቂት ሲቀረውም መንተባተብ ጀመረ። ወላጆቹ የእንግሊዙን ንጉሥ የጆርጅ ስድስተኛን ንግግር በሬዲዮ እንዲያዳምጥ ያደርጉት ነበር። ንጉሡ ከእሱ የባሰ ይንተባተቡ እንደነበር፣ አሁን ግን ለሕዝባቸው እየተናገሩ መሆኑን ነገሩት። ልጁ ንጉሡን ጀግናው አደረጋቸው።

ችግሩ እስከ 16 ዓመቱ አልለቀቀውም። አንድ ቀን ንዴቱ ገንፍሎ በጸያፍ ቃል ጮኸ፤ ከዚያ ወዲህ አንደበቱ እየተፈታ ሄደ። ያ ጩኸት ኋላ በጻፈው ፊልም ውስጥ ገብቷል።

ሳይድለር አድጎ ጸሐፊ ሆነ። በ1988 የወጣውንና ስለ አንድ አሜሪካዊ የመኪና ፈልሳፊ የሚተርከውን “ታከር” የተባለ ፊልም ከሌላ ደራሲ ጋር ጽፏል። ልቡ ውስጥ የነበረው ግን የንጉሡ ታሪክ ነው። ንጉሡን ያሠለጠኑት አውስትራሊያዊው ላየነል ሎግ እንደነበሩ ያውቅ ስለነበር የሎግን ልጅ ፈልጎ አገኛቸው። እሳቸውም የአባታቸው ማስታወሻ እጃቸው ላይ እንዳለ፣ ነገር ግን የንጉሡ ባለቤት በጽሑፍ ካልፈቀዱ እንደማያሳዩት ነገሩት። ሳይድለር ለንግሥቲቱ ደብዳቤ ጻፈ። የመጣለት መልስ የዚያ ዘመን ትዝታ አሁንም ስለሚያማቸው በሕይወት እስካሉ እንዳይጽፈው የሚለምን ነበር።

እሱም እሺ አለ። ጥቂት ዓመት የሚቆይ መስሎት ነበር፤ ንግሥቲቱ ግን በ2002 በ101 ዓመታቸው ነው ያረፉት። በ2005 እሱ ራሱ የጉሮሮ ካንሰር ያዘው። ያቆየውን ታሪክ መጻፍ የጀመረውም ያን ጊዜ ነው።

“ዘ ኪንግስ ስፒች” (የንጉሡ ንግግር) በ2010 ለእይታ በቃ። በቀጣዩ ዓመት አራት ኦስካር ሲያሸንፍ አንዱ የሳይድለር ነበር። ያን ጊዜ 73 ዓመቱ ነው። መድረክ ላይ ወጥቶ አባቱ “አንተ ዘግይተህ ነው የምታብበው” ይሉት እንደነበር አስታወሰ፤ ሽልማቱንም በዓለም ላሉ ለሚንተባተቡ ሰዎች ሁሉ ስም ተቀበለ። በ2024 በ86 ዓመቱ አረፈ።

ፊልሙን ሳይ ያስደነቀኝ የንጉሡ ክብር አልነበረም። ሎግ ንጉሡን በቤት ስማቸው እየጠሩ፣ አጠገባቸው ተቀምጠው፣ ቃሉ እስኪወጣ ዝም ብለው ሲጠብቁ ነው ልቤ የተነካው። ሳይድለርም አንዲት እናት ሐዘናቸውን በራሳቸው ጊዜ እስኪጨርሱ ጠበቀ። እኔ ግን አንዲት “ውሃ” እስክትወጣ መጠበቅ አቅቶኝ ነበር።

ኋላ ያማከርኳት የንግግር ሕክምና ባለሙያም የነገረችኝ ይህንኑ ነው። “ቃሉን አትንጠቂው፤ ‘ተረጋጋ፣ ቀስ በል’ አትበይው፤ አንቺ ራስሽ ቀስ ብለሽ አውሪ፤ የሚናገረውን እንጂ አነጋገሩን አትከታተይ” አለችኝ። ብዙ ሕፃናት ከጊዜ ጋር ይተዋቸዋል፤ ከስድስት ወር በላይ ከቆየ ወይም ልጁ መናገር ከፈራ ግን ለባለሙያ ማሳየት ይገባል። ለአያቶችም የምለው አለኝ፦ የሚቸኩልበት ጉዳይ የሌለው ጆሮ ያላችሁ እናንተ ናችሁ።

ባለፈው እሑድ ልጄ ሰፈር ውስጥ ስላየው ውሻ ሊነግረኝ ማድ ቤት መጣ። ማንኪያውን አስቀምጬ ፊት ለፊቱ ቁጭ አልኩ። ብዙ ጊዜ ወሰደበት። ወጡ አረረ። ታሪኩን ግን ራሱ ጨረሰው።