ከይፋግ ገበያ እስከ ጉዛራ ግንብ

ከባሕር ማዶ የመጣ የንግድ እንግዳ ሥራው አልቆ አንድ ቀን ሲተርፈው ወዴት እንውሰደው የሚለው ጥያቄ ለብዙዎቻችሁ አዲስ አይደለም። ናሙናው ታይቷል፤ በዋጋው ላይ ብዙ ተባብለናል፤ ወረቀቱም በባንክ ዘንድ ነው፤ ሰውየው ግን ገና ከእኛ ጋር አለ። በንግድ ቤት ጸሓፊ ለሆነ ሰው እንዲህ ያለውን ቀን ማሟላት ከሥራው እንደ አንዱ ይቈጠርበታል።

በጥር 2011 ዓ.ም. ኑግ የሚገዛ አንድ እንግዳ ወደ ይፋግ መጥቶ ነበር። የአገራችን ኑግ አሜሪካ ደርሶ የወፍ መኖ እንደሚሆን እናንተ ታውቃላችሁ፤ እኔ ግን ነገሩን ለእናቴ ለማስረዳት ሁለት ዓመት ፈጅቶብኛል። ሰውየው የመጣው ለሽርሽር አልነበረም። ባለፈው ዓመት የላክንለት ጭነት ከናሙናው ይልቅ ዐፈርና ገለባ በዝቶበት ስለ ተገኘ፣ ውሉን ከማደሱ በፊት መጋዘኑንና ማበጠሪያውን በዓይኑ ሊያይ ነው። ጥፋቱ የእኛ ነበር፤ አሠሪዬም አልካደም። እንግዳው ሁሉን ተመለከተ፤ ከመካከል ካለ ጆንያ በገዛ እጁ ዘግኖ ሌላ ናሙና ወሰደ፤ «መልሴን ከነገ ወዲያ እሰጣለሁ» አለ። ቀጥሎም «በአቅራቢያችሁ የጥንት ቤተ መቅደስ ፍርስራሽ የለም ወይ?» ሲል ጠየቀ።

የጥንት ቤተ መቅደስ ቢባል ከክርስቶስ ልደት በፊት የተሠራው የሐ ነው፤ እርሱ ግን ያለው በትግራይ፣ ከዐድዋ ማዶ ስለ ሆነ፣ ከይፋግ ተነሥቶ በአንድ ቀን ደርሶ መመለስ አይቻልም። በእጃችን ያለው ጉዛራ ነው። ጉዛራ ቤተ መቅደስ ሳይሆን ቤተ መንግሥት ነው፤ የሚገኘውም ከባሕር ዳር ወደ ጎንደር በሚወስደው መንገድ፣ በእንፍራንዝ አጠገብ ባለ ጉብታ ላይ ነው። እንግዳው ይህን ሰምቶ «ፍርስራሽ ከሆነ ይበቃኛል» አለ። (ከዚህ በታች የማነሣው የታሪክ ዘመን ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ነው፤ የእኛን ጉዞና ከዚያ ወዲህ የሆነውን ግን በራሳችን አቈጣጠር ጽፌአለሁ።)

ከጧቱ በአሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ከይፋግ ተነሣን። ዛሬ ይፋግ መንገደኛ በመኪና መስኮት አይቷት የሚያልፋት ከተማ ናት። በ19ኛው መቶ ዓመት ግን ከጎንደር ወደ ጎጃም ወደ ባሶ ገበያ የሚወርደውም ሆነ ከዚያ የሚወጣው ነጋዴ አህያውንና በቅሎውን የሚያሳርፍባት፣ አሞሌ ጨው በማርትሬዛ ብር የሚመነዘርባት ትልቅ ገበያ ነበረች፤ የሙስሊም ነጋዴዎቹ ከተማ ደሪጣም ከእርሷ አትርቅም። ይህን ለእንግዳው ስነግረው አንገቱን አዙሮ ወደ ኋላ ተመለከተ፤ ከተማይቱ ግን አልቃ ነበር።

በዚያ ወራት የሩዙ አዝመራ ተሰብስቦ፣ በእርጥቡ ማሳ ላይ ሽምብራና ጓያ ቆሞ ነበር። እንግዳው መኪናውን አስቁሞ ወርዶ ሽምብራውን ፈልፍሎ ቀመሰ። ባለ ማሳውም መጥቶ ሰላምታ ከሰጠን በኋላ አንድ ጭብጥ እሸት ነቅሎ አሳቀፈውና ገንዘብ አልቀበልም አለ። አዲስ ዘመን ላይ ቡና ጠጥተን ጉዞውን ቀጠልን። ከአዲስ ዘመን በኋላ መንገዱ ጋራ ለጋራ ይዞራል፤ በአንድ ስፍራም እንደ ጣት ቀጥ ብሎ የቆመ ታላቅ የድንጋይ ዐምድ ይታያል። ፎቶግራፍ የሚወድ እንግዳ የያዘ ሰው በዚህ ስፍራ ቢያንስ ሩብ ሰዓት እንደሚያጠፋ አስቀድሞ ይወቅ።

እንፍራንዝ ስንደርስ የሚመራን ሰው አገኘን። የዚያው አገር ልጅ ነው፤ ዕድሜው ከሃያ አምስት አይበልጥም፤ የቤተ ክርስቲያን ትምህርት የቀመሰ፣ አነጋገሩ የታረመ ወጣት ነበር። እንግሊዝኛ ግን ስለማይችል ማስተርጐሙ በእኔ ላይ ወደቀ። ከአስፋልቱ ወርደን ጥቂት ዳገት እንደ ወጣን ግንቡ ፊት ለፊታችን ቆመ፤ በስተ ምዕራብም የጣና ባሕር በጧት ጉም ውስጥ ሲያበራ ታየን። ግንቡ በድንጋይና በኖራ የተሠራ፣ አራት ማዕዘን ሆኖ በማዕዘኑ ላይ ክብ ግንብ ያለው፣ ፎቅ ያለው ቤት ነው። የጎንደርን ግንብ ያየ ሰው መልኩ ወዲያው ይታወቀዋል፤ ነገር ግን በጎንደር የሚያጋፋ ሰው አለ፤ እዚህ ግን እኛና ሦስት ፍየሎች ብቻ ነበርን።

መሪያችን ሥራውን ጀመረ። «ይህን ግንብ ያሠሩት ዐፄ ሠርፀ ድንግል ናቸው፤ የነገሡትም ከ1563 እስከ 1597 ነው» አለ፤ እኔም ተረጐምሁ። ቱርኮች በ1557 ምጥዋን ስለ ያዙ ንጉሡ ዓይናቸውን ከባሕሩ በር ላይ አላነሡም፤ ከቱርኮችና ከእነርሱ ጋር ካበሩት ከባሕር ነጋሽ ይስሐቅ ጋርም ተዋግተው አሸንፈዋል። የመንግሥቱ መቀመጫ ከሸዋ ወደ ጣና ዙሪያ መሳቡም ከዚህ ጋር የተያያዘ ነው። ነጋዴ የሆነ ሰው ይህን ለመረዳት ብዙ ማብራሪያ አያስፈልገውም፤ ዕቃ የሚገባበትና የሚወጣበት በር ወዴት እንደ ሆነ ቤተ መንግሥትም ወደዚያው ይሳባል።

ከዚህ በኋላ ወጣቱ ድምፁን ዝቅ አድርጎ በአማርኛ እንዲህ አለኝ፦ «ጋሼ፣ እውነቱን ልንገርዎት? የግንቡ ዘመን ክርክር አለበት። ለፈረንጅ ግን ቁርጥ ያለ ዓመት ደስ ስለሚለው ክርክሩን ባይተረጕሙለት ይሻላል።»

ክርክሩ ይህ ነው። በዐፄ ሱስንዮስ ዘመን (ከ1607 እስከ 1632) በአገራችን የነበሩት የኢየሱሳውያን ማኅበር ሚሲዮናውያን በጻፉት መሠረት ለግንብ የሚሆን ኖራ በኢትዮጵያ የታወቀው በ1620ዎቹ፣ ከህንድ አገር በመጣ ሰው አማካይነት ነው። ይህ ቃል የታመነ እንደ ሆነ፣ ከዚያ በፊት በ1597 ያረፉት ንጉሥ በኖራ የተሠራ ግንብ እንዴት ሊኖራቸው ይችላል? ስለዚህ አንዳንድ ሊቃውንት ጉዛራን ወደ ጎንደር ዘመን ያወርዱታል፤ ሌሎች ደግሞ የአገሩን ትውፊት ይዘው ይጸናሉ። ዐፄ ፋሲል ጎንደርን የቈረቈሩት በ1636 ስለ ሆነ፣ ጉዛራ ከእርሷ ይቅደም ወይም ይከተል የሚለው ጥያቄ ቀላል ነገር አይደለም፤ ልጅ የተባለው አባት፣ አባት የተባለውም ልጅ ሊሆን ነው።

በዚያ ጊዜ ምን እንደማደርግ ቸግሮኝ ዝም አልሁ። እንግዳው አንድ ጊዜ እኔን፣ አንድ ጊዜ ወጣቱን ያያል። ክርክሩን ብውጠው ሰውየው ቁርጥ ያለውን ዓመት በመዝገቡ ጽፎ ደስ ብሎት ይሄዳል፤ አንድ ቀን መጽሐፍ ገልጦ እውነቱን ቢያገኝ ግን ናሙናውና ጭነቱ ለሁለተኛ ጊዜ ተለያዩበት ማለት ነው። የአምናው ኑግ በልቤ ውስጥ ነበር። ስለዚህ የሰማሁትን ሁሉ፣ «ባይተረጕሙለት ይሻላል» ያለውን እንኳ ሳላስቀር ተረጐምሁለት። ወጣቱ ፊቱ ቀላ።

እንግዳው ግን ከት ብሎ ሳቀና በድንጋይ ላይ ተቀመጠ። እስከዚያ ሰዓት ድረስ ግንቡን የሚያየው ለወግ ያህል ነበር፤ ከዚያ በኋላ አንድ ሰዓት ሙሉ ጠየቀ። ኖራው ከየት መጣ? የኖራውን ድንጋይ ለማቃጠል ስንት ሸክም እንጨት ይፈጃል? ሠራተኛው ደመወዙን በምን ተቀበለ፣ በእህል ወይስ በጨው? ወጣቱ የሚያውቀውን መለሰ፤ የማያውቀውን አላውቅም አለ። በየግንቡና በየጥንቱ ድልድይ እንደሚባለው ኖራው በእንቁላል የተቦካ ነው የሚለውን ወሬም አጫወተን። እንግዳው ይህን ሲሰማ እርሳሱን አውጥቶ የአንዱን ግድግዳ እንቁላል ማስላት ጀመረ፤ ጥቂት ቈይቶም የአገሩ ዶሮ ሁሉ ለብዙ ዓመት ያለ ዕረፍት ቢጥል እንኳ እንደማይበቃ ነግሮን ተወው። ስለ ሚሲዮናውያኑ ምስክርነት የተናገረውን ግን እስከ ዛሬ አልረሳሁትም፦ «ኖራው በእኛ ዘመን ተገኘ ብለው የጻፉት ግንብ ያሠሩበት እነርሱ ራሳቸው ናቸው? እንግዲያስ ሻጮች ናቸው። የሻጭ ቃል መልካም ነው፤ ነገር ግን ሚዛን ይጨመርበት።»

ስለ እንፍራንዝ ነጋዴዎች የነገርኩት እኔ ነኝ፤ ይህን አንብቤ ስለ ነበር። በ1700 ዐፄ ኢያሱን ሊያክም የመጣው ፈረንሳዊው ሐኪም ፖንሴ በእንፍራንዝ በኩል አልፎ ነበር። እርሱ እንደሚለው በዚያች ከተማ ሙስሊሞች ሃይማኖታቸውን በግልጥ እየፈጸሙ ይነግዱ ነበር፤ ንግዳቸውም ባሪያና ዝባድ ነበር። ስለ ባሪያው ንግድ ስናገር እንግዳው ዝም አለ፤ እኔም ዝም አልሁ። ዝባዱን በተመለከተ ግን ሦስት መቶ የሚያህሉ ጥርኞች የሚያረባ ነጋዴ እንደ ነበረ ፖንሴ ጽፏል። ሥጋና የወተት ምግብ እየተሰጣቸው የሚያድሩ ሦስት መቶ አውሬዎች ቀለባቸው ብቻ ምን ያህል እንደ ሆነ አስቡት! ዝባድ እስከ ዘመናችን ድረስ ለሽቶ ሥራ ከአገራችን ወደ ውጭ ሲላክ የኖረ ዕቃ ስለ ሆነ፣ ከእናንተ መካከል የሚያውቀው አይጠፋም።

ዕለቱ ዓርብ ስለ ነበረ በእንፍራንዝ ሽሮና ምስር በልተን ከቀኑ በስምንት ሰዓት ተመለስን። ጉዛራን በሚመለከት የቀረውን ባጭሩ ልናገር። የጎንደሩ ፋሲል ግቢ በ1979 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስ ሆኖ ሲመዘገብ ጉዛራም ከክፍሎቹ አንዱ ሆኖ አብሮ ተመዝግቧል። መዝገቡ አንድ ሲሆን፣ ጎብኚው ግን በጎንደር ሁለት ቀን ያድራል፤ በጉዛራ ግማሽ ሰዓት ይቆማል፤ ብዙውም ጨርሶ አይቆምም። ለመሄድ የሚያስብ ሰው ከጥቅምት እስከ የካቲት ያለውን ወራት ይምረጥ፤ በጧት ይነሣ፤ ውሃና የማያንሸራትት ጫማ ይያዝ።

ማታ ቤቴ ገብቼ የቀኑን ወጪ በመዝገብ ሳሰፍር አንድ ነገር አስተዋልሁ። ቡናውን የከፈልነው በአዲስ ዘመን፣ ምሳውንና የመሪውን ዋጋ በእንፍራንዝ፣ ነዳጁንም በሌላ ከተማ ነው። በይፋግ የወጣው ገንዘብ የአራት ጠርሙስ ውሃ ዋጋ ብቻ ሆኖ ተገኘ። ያን ያህል ዘመን የመንገደኛ ገንዘብ ስትሰበስብ የኖረች ገበያ በአንድ ሙሉ የጉዞ ቀን አራት ጠርሙስ ውሃ ሸጠች! ምክንያቱን ለማወቅ ሩቅ መሄድ አላስፈለገኝም። በመመለሻችን ላይ እንግዳው በጨዋ ቃል «እጄን የምታጠብበት ስፍራ» ሲል ጠይቆኝ፣ በይፋግ ዋና መንገድ ላይ ሳላፍር የማሳየው ንጹሕ ስፍራ አጥቼ እስከ ገዛ ቤቴ ወስጄዋለሁ። ሆቴል ይሠራ የሚሉ ብዙዎች ናቸው፤ እኔ ግን ከሆቴሉ በፊት ውሃ ያለው ንጹሕ መጸዳጃ፣ ጥላ ያለው መቀመጫ፣ በጀበና የሚቀርብ ቡናና ለጉዛራ የሚያደርስ አንድ እውነተኛ መሪ ቢገኝ መንገደኛው ይቆማል እላለሁ። የቆመ መንገደኛ ደግሞ ዳቦም፣ ሩዝም፣ የተቈላ ሽምብራም ይገዛል።

ውሉ በማግሥቱ ተፈረመ። የተፈረመው በጉዛራ ምክንያት ነው ብል ውሸት ይሆንብኛል፤ ማበጠሪያው ስለ ታደሰና በዋጋው ስለ ተስማማን ነው።

ከዚያ ወዲህ ብዙ ነገር ደረሰ። በ2012 ዓ.ም. ወረርሽኙ ጎብኚውን አስቀረ፤ በ2013 ዓ.ም. የሰሜኑ ጦርነት ተነሣ፤ በ2015 ዓ.ም. ክረምትም በክልላችን ግጭት ተነሥቶ የአስቸኳይ ጊዜ ዐዋጅ ታወጀ። በዚያ ዘመን የጉዞ መኪና ይቅርና የእህል መኪና የሚያልፍበት ቀን የሚቈጠር ሆነ። እንግዳው ግን መጻፉን አልተወም። በመጨረሻው ደብዳቤው ስለ ኑጉ ዋጋ ከጠየቀ በኋላ፣ «ያ አላውቅም ማለት የሚችለው ወጣት አሁንም በግንቡ ዘንድ አለ ወይ?» የሚል ጨምሮበታል። በሰው በኩል አስጠይቄ፣ ወጣቱ በሕይወት እንዳለና ለጊዜው በእርሻ እንደሚተዳደር ጻፍሁለት።

ስለ ንጹሑ መጸዳጃና ስለ ቡናው ጥላ ያሰብሁትን ለአሠሪዬ በቃል ሳቀርብ፣ «ወጪውን በዝርዝር ጻፍና አምጣልኝ» አሉኝ። ጽፌ አቀረብሁ። ወረቀቱ በጠረጴዛቸው ላይ ነው፤ ገና አልፈረሙበትም።