ቡና የተባለችው ኮከብ

በኅዳርና በታኅሣሥ ሰማዩ ሲጠራ፣ በምሽት በዋግ ካለችው ከሰቆጣ ወደ ሰሜን ቀና ላለ ሰው የአንድሮሜዳ ከዋክብት ከፍ ብለው ይታያሉ። የጥንት ግሪኮች በተረታቸው አንድሮሜዳን የኢትዮጵያ ንጉሥ የሴፊየስ ልጅ አድርገዋታል፤ እናቷ ካሲዮፒያ በውበት ስለታበየች ልጅቷ ለባሕር አውሬ ከቋጥኝ ጋር ታሰረች፣ ፐርሲየስ ደርሶ አዳናት። ያቺ ኢትዮጵያ ግን የተረት አገር ናት፤ ዋግን አታውቅም።

አገርኛው ስም የወጣው በ2012 ዓ.ም. ነው። ዓለም አቀፉ የሥነ ፈለክ ኅብረት 100ኛ ዓመቱን ሲያከብር፣ ኢትዮጵያ እዚያው አንድሮሜዳ ውስጥ ወደ 200 የብርሃን ዓመት ለምትርቅ ኮከብ «ቡና»፣ ለፕላኔቷም «አቦል» የሚል ስም ሰጠች።

አቦል ከጁፒተር ከ4 እጥፍ በላይ ይከብዳል፤ ቡናን አንዴ ለመዞር ከ2 ዓመት ተኩል በላይ ይፈጅበታል። ቶናና በረካ ገና አልቀረቡም! ኮከቧ በባዶ ዓይን አትታይም፤ በጨለማው የዋግ ሰማይ ግን ባይኖኩላር ይበቃል።