የዴንማርክ ገበሬ የበዓል ጥብስና የፖም ማባያው

የአንድን ሀገር እርሻ ጠባይ ለመረዳት የሚሻ ሰው ማሳውንና በረቱን ብቻ ሳይሆን የገበሬውን የበዓል ገበታ ቢመለከት ብዙ ቁም ነገር ያገኛል። ገበታ የዓመቱ ሥራ ሁሉ የሚቆጠርበት መዝገብ ነውና። ለዚህም ምሳሌ የሚሆነን የዴንማርክ ሕዝብ በየዓመቱ በኤሮፓ አቆጣጠር ዲሴምበር 24 ቀን ማታ፥ በልደት ዋዜማ የሚያቀርበው የአሳማ ጥብስና ከእርሱ ጋራ የሚበላው የፖም ፍሬ ነው።

በሀገራችን የኦርቶዶክስ ክርስትናና የእስልምና ሃይማኖት ተከታዮች የአሳማ ሥጋ እንደማይበሉ የታወቀ ነው። ይህም ጽሑፍ ማንንም ከሥርዓቱ ለማናወጥ የታሰበ አይደለም። ነገር ግን የጥብሱ ጥበብና በስተኋላው ያለው የእርሻ ብልሃት በግም ሆነ በሌላ ሥጋ የሚሠራ ስለሆነ፥ ለገበሬውም ለከተማ ባለቤትም ይጠቅማል ብለን አቅርበነዋል።

ጥብሱ ከየት መጣ

እስከ 19ኛው መቶ ዓመት አጋማሽ ድረስ የዴንማርክ ገበሬ ሥጋውን ይበላ የነበረው በጨው አስቀምጦና ቀቅሎ ነበር እንጂ ጠብሶ አልነበረም። ቤቱ የነበረው ክፍት ምድጃ ትልቅ ሥጋ በእኩል ሙቀት ለመጥበስ አይመችም ነበርና። ባለ ፎርኖው የብረት ምድጃ በየቤቱ ከገባ በኋላ ግን ጥብሱ የበዓል ምግብ ሆነ።

ሥጋው የበዛበት ምክንያት ደግሞ ሌላ ነው። ከ1870ዎቹ ጀምሮ ከአሜሪካና ከሩሲያ ርካሽ እህል ወደ ኤሮፓ በመጉረፉ የእህል ዋጋ ወደቀ። የዴንማርክ ገበሬም እህል ሽጦ ከመክሰር እህሉን ለከብት አብልቶ ቅቤና ሥጋ መሸጥን መረጠ። በ1882 በምዕራብ ዩትላንድ፥ ዬዲንግ በሚባል መንደር፥ ገበሬዎች ወተታቸውን በአንድነት የሚያስንጡበት የመጀመሪያው የኅብረት ሥራ የወተት ቤት ተቋቋመ። ቅቤው ለገበያ ሲሄድ፥ ቅባቱ የወጣለት ወተት ለየገበሬው ይመለስ ነበር። ገበሬውም ይህን የተመለሰ ወተት አልደፋውም፤ ከገብስ ጋራ ለአሳማዎቹ አጠጣው። በ1887 ጀርመን በሕይወት ያለ አሳማ ወደ ግዛትዋ እንዳይገባ በከለከለች ጊዜ፥ ገበሬዎቹ በዚያው ዓመት ሆርሰንስ በምትባል ከተማ የራሳቸውን የኅብረት ቄራ ከፈቱ፤ ሥጋውንም አዘጋጅተው ለእንግሊዝ ገበያ ሸጡ። እንዲህ ሆኖ የአንዱ ሥራ ትራፊ የሌላው ሥራ መነሻ ሆነ። ዛሬም በዚያች ሀገር የአሳማው ቁጥር ከሕዝቡ ቁጥር ይበልጣል።

ፖሙ ከጥብሱ ጋራ የተጣመረበትም ምክንያት ከእርሻው ወራት ይገኛል። በዚያ ሀገር ፖም የሚለቀመው በመጸው ነው፤ አሳማም ሰብቶ የሚታረደው ብርድ ሲጀምር ነው። በአንድ ወራት የደረሱት ሁለቱ በአንድ ገበታ ተገናኙ። ከዚህም በላይ ስብ ምላስን ይሸፍናል፤ የፍሬው ኮምጣጣነት ግን ምራቅን አስነሥቶ አፍን ያጠራል። ጮማ የሚበላ ሰው ሎሚ የሚፈልግበት ምክንያት ይኸው ነው።

የጥብሱ አሠራር

ከ1 ኪሎ ተኩል እስከ 2 ኪሎ የሚሆን ቆዳው ያልተገፈፈ የወገብ ወይም የጎድን ሥጋ ይመረጣል። ቆዳው ስለት ባለው ቢላዋ፥ በግማሽ ሳንቲሜትር ርቀት፥ ስቡ እስኪደረስ ድረስ ይሰነጠቃል። ቢላዋው ሥጋውን መንካት የለበትም፤ ከነካው ውኃው ወጥቶ ቆዳውን ያረጥበዋል። ከዚህ በኋላ ቆዳው በንጹሕ ጨርቅ ደርቆ፥ ጨው በየስንጥቁ ይታሻል። ጥቂት ቅርንፉድና ሎረል የሚባለው መዓዛማ ቅጠልም በየመካከሉ ይሰካል።

ሥጋው ቆዳውን ወደ ላይ አድርጎ በሽቦ መደብ ላይ ይቀመጣል፤ ከሥሩ ግማሽ ሊትር ውኃ ያለበት ትሪ ይደረጋል። ሥጋው ወደ አንድ ወገን ያዘነበለ እንደ ሆነ በድንች ቁራጭ ተደግፎ ይስተካከላል፤ አለዚያ ቆዳው በአንድ በኩል ሲያር በሌላው ጥሬ ይቀራል። በ200 ዲግሪ ሴንቲግራድ ሙቀት ወደ አንድ ሰዓት ተኩል ያህል ይጠበሳል። በመጨረሻ ሙቀቱ ወደ 250 ከፍ ተደርጎ፥ ቆዳው አብጦ ኮሽ ኮሽ የሚል እስኪሆን ድረስ ጥቂት ደቂቃ ይቆያል። በዚህ ጊዜ ከምድጃው ዘወር ማለት አይገባም፤ ከወርቃማ ወደ ጥቁር የሚለወጠው በቅጽበት ነውና።

እዚህ ላይ ቸል የማይባል ጉዳይ አለ። በሚገባ ያልበሰለ የአሳማ ሥጋ ትሪኪኔላ የተባለውን ጥቃቅን ትልና የኮሶን ትል ወደ ሰው ሊያስተላልፍ ይችላል። ስለዚህ የሥጋውን መብሰል በቀለሙ መገመት አይበቃም። የሙቀት መለኪያ አጥንት ሳይነካ በወፍራሙ ሥጋ ውስጥ ገብቶ ይታያል። የአሜሪካ የእርሻ ሚኒስቴር ከ2011 ጀምሮ ላልተፈጨ ሥጋ የሚመክረው ቢያንስ 63 ዲግሪና ከዚያ በኋላ የ3 ደቂቃ ዕረፍት ነው፤ ለተፈጨ ሥጋ ግን 71 ዲግሪ ነው። የእርባታው ንጽሕና በማይታወቅበት ስፍራ ሙቀቱን ከ70 በላይ ማድረስ ይሻላል። ጥሬው ሥጋ የነካው ቢላዋና መክተፊያም ሳይታጠብ ለፍሬው መዋል የለበትም።

ጥብሱ ከፎርኖ ሲወጣ ሳይሸፈን 15 ደቂቃ ያርፋል፤ ከተሸፈነ እንፋሎቱ ቆዳውን ያለሰልሰዋል። በትሪው የተጠራቀመው ጭማቂ ስቡ ተገፍፎለት፥ በጥቂት ዱቄት ወፍሮ መረቅ ይሆናል።

የፍሬው አዘገጃጀት

6 ኮምጠጥ ያሉ ፖሞች ተልጠው ለሁለት ይከፈሉና የፍሬው እምብርት በማንኪያ ይወጣል። 3 ዴሲሊትር ውኃ፥ 100 ግራም ስኳርና የአንድ ሎሚ ጭማቂ ከፈላ በኋላ ፖሙ ገብቶ በለዘብተኛ እሳት ከ5 እስከ 8 ደቂቃ ይቀቀላል። መለስለስ አለበት እንጂ መፍረስ የለበትም። ቀዝቅዞ ጐድጓዳው በአንዳንድ የሻይ ማንኪያ ቀይ ማርማላታ ይሞላል። ከጥብሱ አጠገብ ደግሞ በስኳር የተለወሰ ድንችና በኮምጣጤ የበሰለ ቀይ ጥቅል ጎመን ይቀርባል። አንዳንዶችም የደረቀ ፕሪምና የፖም ቁራጭ በሥጋው ውስጥ ሸጉጠው ይጠብሱታል።

ለእኛ ቤት የሚተርፈው

የአሳማ ሥጋ የማይበላ ቤተ ሰብ ይህንኑ በበግ ጭን ሊሠራው ይችላል። የበግ ሥጋ ግን፥ በተለይ በጉ ያረጀ እንደ ሆነ፥ ጽኑ እሳት አይወድም። በነጭ ሽንኩርትና በጨው ታሽቶ፥ ጥቂት ውኃ ተጨምሮበትና ተከድኖ፥ በ160 ዲግሪ ወደ 3 ሰዓት ያህል ቢቆይ ይለሰልሳል። ከዚያ ክዳኑ ተነሥቶ ፊቱ እስኪቀላ ይጠበሳል። ለማባያውም ከጋሞ ደጋ፥ ከጨንቻ አካባቢ የሚመጣው ፖም፥ ወይም በደጋ ጓሮ የሚበቅለው ኮክ ይሆናል። ኮክ ቶሎ ስለሚፈርስ ከ3 ደቂቃ በላይ አይቀቀል።

ፖም ብርድ የሚሻ ዛፍ ስለሆነ የቆላ ገበሬ ሊተክለው አይድከም። የደጋው ገበሬ ግን ፍሬው በአንድ ጊዜ በርክቶ ገበያው ሲረክስበት፥ ከመሬት ወድቆ እንዲበሰብስ አይተወው። ፍሬውን በቀጭኑ ከትፎ፥ በሎሚ ውኃ ነክሮ፥ ዝንብ እንዳያርፍበት በስስ ጨርቅ ሸፍኖ በፀሐይ ቢያደርቀው ለወራት ይቆይለታል፤ የበዓልም ሰሞን በተሻለ ዋጋ ይሸጠዋል። የዴንማርክ ገበሬ የተመለሰለትን ወተት ያልደፋው በዚህ ዓይነት ሂሳብ ነበር።