ማርና ዶሮ በአንድ ድስት

ዶሮ ውስጥ ማርና ዘቢብ ይገባል ሲባል ብዙ ሰው ፊቱን ያጨማድዳል። ማር ለጠጅና ለብርዝ፣ ዘቢብ ለቅዳሴ ወይም ለኬክ፣ ዶሮ ደግሞ ለበርበሬና ለቅቤ የተፈጠረ ነው የሚመስለን። የሞሮኮ ሰዎች ግን ዶሮውን ከሽንኩርት፣ ከዝንጅብል፣ ከቀረፋ፣ ከደረቀ ፍራፍሬና ከማር ጋር በአንድ ሸክላ አብስለው ሲያቀርቡት እንግዳ ነገር ተሠራ የሚል የለም። በባሕር ዳር ወይም ከዚያ ወደ ጎንደር በሚወስደው መንገድ ላይ ባለችው እንፍራንዝ አንዲት ባለሙያ ይህን ወጥ በቤቷ ልሞክር ብትል የዕቃ እጦት አያግዳትም፤ የሚያስፈልጋት ሁሉ ከሞላ ጎደል በአካባቢው ገበያ አለ። የሚያግዳት «ጣፋጭና ሥጋ አይሄዱም» የሚለው እምነት ነው። ይህ እምነት ግን የገዛ ድስታችንን በደንብ አላየም። የሚጣፍጥ የሥጋ ወጥ ከጥንት ጀምሮ እንበላለን፤ ጣፋጩን በሽንኩርት በኩል ስለምናስገባው ብቻ አይታወቀንም።

ከዶሮ ወጥ እንጀምር። ለአንድ ዶሮ ሁለት ኪሎ ቀይ ሽንኩርት አድቅቆ መክተፍ በብዙ ቤት የተለመደ ነው፤ ከዚያ በላይ የሚያስገቡም አሉ። ሽንኩርቱ ያለ ዘይት በደረቅ ድስት ይጣዳል፣ ይማሰላል፣ ውሃውን ይተፋል፤ ውሃው ሲመጥ ጠብ ጠብ እየተደረገለት እንደገና ይማሰላል። መጀመሪያ ዓይን ያስለቀሰው ሽታ ቀስ በቀስ ይጠፋል፣ መልኩም ወደ ቡናማ ይዞራል። በርበሬው ከመግባቱ በፊት ከድስቱ ጠርዝ የተለጠፈውን በማማሰያው ጫፍ አንስቶ የቀመሰ ሰው ምላሱ ላይ የሚቀርለት ጣፋጭ ነው። ምክንያቱም ከጥሬ ሽንኩርት ክብደት ወደ ዘጠና በመቶ የሚጠጋው ውሃ ሲሆን አራት ወይም አምስት በመቶ ያህሉ ስኳር ነው። በጥሬው ስንበላው ስኳሩን የሚሸፍንብን የሚለበልበው የድኝ ውህድ ነው። እሳቱ ያንን ይበትነዋል፣ ውሃውን ያተናል፣ ስኳሩ ግን እዚያው ይቀራል፤ እየጠቆረ ሲሄድም ከሽንኩርቱ ፕሮቲን ጋር ተዋህዶ ያንን የቁሌት ሽታ ይሰጣል። ሒሳቡን ብንሠራው ሁለት ኪሎ ሽንኩርት ከ80 እስከ 100 ግራም ስኳር ይዞ ይመጣል፤ ይህም ከስድስት እስከ ስምንት የሾርባ ማንኪያ መሆኑ ነው። ከእንፍራንዝ ወደ ደቡብ ወረድ ብሎ ያለው የፎገራ ሜዳ በመስኖ የሚያመርተውን ሽንኩርት በኩንታል የሚጭኑት መኪኖች፣ በዚህ ዓይን ካየናቸው፣ ስኳርም እየጫኑ ነው። በዚህ ላይ አዋዜውን በጠጅ የሚያሹ፣ ወጡንም በጠጅ የሚያሳርጉ ባለሙያዎች አሉ። እንግዲህ ማርም ቢሆን ወደ ዶሮ ወጥ የሚገባበትን በር ቀድሞ ያውቀዋል።

ሞሮኮዎች ያደረጉት ይህንኑ ሳይደብቁ ነው። ትፋያ የሚሉት አሠራር ለዚህ ጥሩ ምስክር ነው፤ ቀጭን ተደርጎ የተከተፈ ሽንኩርት ከዘቢብ፣ ከቀረፋና ከማር ጋር እስኪያብረቀርቅ ቁልልት ይደረግና በዶሮና በኩስኩስ ላይ ይደፋል። ምሩዚያ የሚባለው ደግሞ ከአረፋ በዓል የተረፈውን የበግ ሥጋ በማር፣ በዘቢብ፣ በአልመንድና በብዙ ቅመም አብስሎ የማቆየት ዘዴ ነው። ባህሉ የሞሮኮ ብቻም አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1226 በባግዳድ የተጻፈ የወጥ ቤት መጽሐፍ ሥጋን ከአፕሪኮት ጋር ማብሰልን ያስተምራል። ሥጋንና ስኳርን በአንድ ድስት ማብሰል በመካከለኛው ዘመን አውሮፓም የባለጠጋ ማዕድ ወግ ነበር። የእኛን ጓዳ ከሞሮኮው ጋር ጎን ለጎን ብናስቀምጠው ደግሞ ዝምድናው ያስገርማል። እነሱ ስመን የሚሉትን፣ በጨው ታሽቶ የከረመ ቅቤ፣ ለወጥ ማሳረጊያ ያስገባሉ፤ እኛ ንጥር ቅቤ አለን። እነሱ ራስ ኤል ሃኑት የሚሉት የቅመም ድብልቅ አላቸው፤ የእኛ መከለሻ ቁንዶ በርበሬውን፣ ቅርንፉዱን፣ ቀረፋውንና ኮረሪማውን ይዞ እዚያው አጠገብ ይቀመጣል። ሾጣጣ ክዳን ያለው ጣጂን የተባለው ሸክላቸውም በከሰል ፍም ላይ ቀስ ብሎ እንዲያበስል የተሠራ ነው። ክዳኑ እንፋሎቱን መልሶ ወደ ወጡ ያንጠባጥባል፤ ክዳኑ የሚገጥም ሸክላ ድስትም ይህንን ሥራ ይሠራል።

«ይሁን፣ ግን የእኛ አይደለም» የሚል ይኖራል። ይህን የሚለው ሰው መሶቡ ላይ ያለውን አንድ በአንድ ቢጠይቅ ይቸገራል። በርበሬ እ.ኤ.አ. ከ1492 በፊት ከአሜሪካ አህጉር ውጭ የትም አልነበረም። ከእንፍራንዝ አጠገብ ጣናን ቁልቁል የሚያየው የጉዛራ ግንብ በዐፄ ሠርፀ ድንግል ዘመን፣ በ16ኛው መቶ ዓመት ማብቂያ ገደማ ሲሠራ፣ በርበሬ በኢትዮጵያ ምድር ከነበረ እንኳ መቶ ዓመት አልሞላውም። ዛሬ ግን ያለ በርበሬ ወጥ ወጥ አይባልም። የፎገራ ሩዝም ሥር የሰደደው እ.ኤ.አ. ከ1970ዎቹ ወዲህ ነው፤ አሁን ከጤፍ ጋር ተደባልቆ እንጀራ ሆኗል፣ ጠላም ይጠመቅበታል። እንፍራንዝ ራሷ የነጋዴ መተላለፊያ ነበረች። እ.ኤ.አ. በ1699 ቀዳማዊ ኢያሱን ለማከም ጎንደር የገባው ፈረንሳዊ ሐኪም ፖንሴ በዚህች ከተማ የሙስሊሙና የክርስቲያኑ ቤት ተሰባጥሮ እንደሚታይ ጽፏል። ቅርንፉድና ቀረፋ አገር አቋርጠው መከለሻችን ውስጥ የገቡት በእንዲህ ያሉ የነጋዴ ከተሞች በኩል ነው። ወጥ ቤታችን የመጣውን እየመረጠ ሲያስገባ የኖረ ነው እንጂ በሩን ዘግቶ አያውቅም።

አሠራሩ ላይ ትልቁ ጥያቄ ማሩ ሳይሆን ዶሮው ነው። ሜዳ ለሜዳ ጭራ ያደገች የሐበሻ ዶሮ ጡንቻዋ የጠነከረ ነው፤ የፈረንጅ ዶሮ የሚባለው ግን በጥቂት ሳምንት ደርሶ ስለሚታረድ ቶሎ ይላላል። በዚህ ላይ የጣና ዳር ከፍታ አለ። ወደ 1,800 ሜትር ከፍታ ላይ ውሃ የሚፈላው በመቶ ዲግሪ ሳይሆን በ94 ገደማ ነው፤ ስለዚህ ከባሕር ጠረፍ አገር የመጣ አሠራር «አርባ ደቂቃ» ቢል ለሐበሻ ዶሮ ሰዓቱን እጥፍ ማድረግ፣ አንዳንዴም ከዚያ ማለፍ ያስፈልጋል። ዶሮው እንደ ወትሮው በሎሚና በጨው ታጥቦ ይገነጣጠላል፤ ለዚህ ወጥ አሥራ ሁለት ብልት ማውጣት ግድ አይደለም። ሰባት መቶ ግራም ያህል ሽንኩርት በቁመቱ ቀጠን ተደርጎ ይከተፋል፤ እዚህ መድቀቅ የለበትም፣ ክሩ እንዲታይ ይፈለጋል። በትንሽ ዘይትና ቅቤ እስኪለሰልስና ወርቅ እስኪመስል ይቁላላል። ከዚያ የተፈጨ ዝንጅብል፣ እርድ፣ ቁንዶ በርበሬ፣ ጨው፣ አንድ እንጨት ቀረፋና ፈልቀቅ የተደረገ ኮረሪማ ይገባል። ዶሮው ይጨመርና በቅመሙ እየተገላበጠ መልኩ እስኪለወጥ ይጠበቃል። ውሃው አንድ ብርጭቆ ቢሆን ይበቃል፤ የሽንኩርቱና የዶሮው ውሃ ይረዳዋል። እሳቱ ዝቅ፣ ክዳኑ ገጠም። ሥጋው ከአጥንቱ መላቀቅ ሲጀምር አንድ እፍኝ ዘቢብ፣ ዘቢብ ከሌለ ፍሬው የወጣ ተምር ይጨመራል። የመጨረሻው አሥር ደቂቃ የማሩ ነው፤ አንድ የሾርባ ማንኪያ ማር ጠብ ይልና ክዳኑ ተከፍቶ መረቁ እስኪወፍርና ማንኪያ ጀርባ ላይ እስኪለጠፍ ይንተከተካል። ቀድሞ የገባ ማር ግን ሁለት ጥፋት አለው፤ የአበባ ሽታው ይተናል፣ ድስቱም ሥር ይይዛል።

ማር በእሳት ሲነካ መርዝ ይሆናል የሚለው ወሬ እዚህ ላይ ይነሳል። ማር ሲሞቅ መዓዛውንና አንዳንድ ጠቃሚ ነገሩን ያጣል፣ ይህ እውነት ነው፤ ለአሥር ደቂቃ ወጥ ውስጥ የገባ ማር ሰው ይመርዛል የሚያሰኝ ማስረጃ ግን የለም። እውነተኛው ጥንቃቄ ሌላ ነው። ከአንድ ዓመት በታች ለሆነ ሕፃን ማር ያለበት ምግብ፣ ቢፈላም፣ አይሰጠውም፤ በማር ውስጥ ሊኖር የሚችለው የቦቱሊዝም ዘር በወጥ ሙቀት አይሞትምና። የስኳር ሕመም ያለበትም ማሩንና ዘቢቡን ትቶ ቢሠራው ይሻለዋል፤ ይሁንና ከዶሮ ወጡ ጋር ካነጻጸርነው ድንጋጤው የተጋነነ ነው። የሰባት መቶ ግራሙ ሽንኩርት፣ የእፍኙ ዘቢብና የአንድ ማንኪያው ማር ስኳር ቢደመር ሁለት ኪሎ ሽንኩርት ከሚያመጣው አይበልጥም።

ከሁሉ የሚከብደኝ ተቃውሞ «ያጥወለውላል» የሚለው ነው፤ ምክንያቱም ብዙ ጊዜ ትክክል ነው። ማርና ቅቤ ብቻቸውን ከሥጋ ጋር ሲገናኙ ከሦስተኛው ጉርሻ በኋላ ይሰለቻሉ። መፍትሔው ማሩን መቀነስ ብቻ ሳይሆን የሚገዳደረውን ማምጣት ነው። ጠጅ ራሱ የሚጠጣው በጌሾ መራራነት ስለተገራ ነው፤ ጌሾ የሌለው ብርዝ ከአንድ ብርሌ በላይ ማን ይጠጣል? ለዚህ ወጥ የጌሾን ቦታ የሚይዘው ሎሚ ነው፣ ሎሚ ደግሞ ለጣና ሰው ሩቅ አይደለም፤ የዘጌ ልሳነ ምድር ከቡናውና ከጌሾው ጋር በሎሚ የታወቀ ነው። ሞሮኮዎች ሎሚን በጨው ጠቅጥቀው በማሰሮ ወር ያህል ያከርሙትና ልጣጩን ወጥ ውስጥ ያስገባሉ። አብዛኛውን ጊዜ ይህን የሚያደርጉት ከወይራ ፍሬ ጋር በሚሠራው፣ ማር በሌለበት ዶሮ ነው። ለእኛ ምላስ ግን የአንድ ሎሚ ጭማቂ ከማሩ በኋላ ጠብ ቢል ወጡን ቀና ያደርገዋል። ጨውም ከለመድነው ትንሽ ከፍ ይበል። ማሩ ጨውን እንደሚሸፍን ስለማይታወቅ ብዙ ሰው ወጡ ሲያንሰው ማር ይጨምራል፤ የጎደለው ግን ጨው ነው።

ዋጋውን በተመለከተ ብዙ የሚባል የለም። ለውዝ የሚሉት የሞሮኮው አልመንድ ውድ ነው፣ ስለዚህ ይተው። በቦታው የተቆላ ሰሊጥ ይነስነስበት፤ ይህ ማታለል አይደለም፣ ሞሮኮዎችም የደረቀ ፕሪም የገባበትን ወጥ በሰሊጥ ያስጌጣሉ፣ የመተማ ሰሊጥ ደግሞ ከዚህ አገር አልፎ ውጭ የሚሸጥ ነው። ሞሮኮዎች ለቀለምና ለመዓዛ የሚያስገቡት ሳፍሮንም አያስፈልግም። ቀለሙን እርድ ይሰጣል፤ መዓዛው አንድ አይደለም፣ ግን ወጡ ያለሱ አይጎድልም።

ይህን ወጥ ለፋሲካ ዶሮ ወጥ ምትክ አድርጎ የሚያቀርብ ሰው ካለ የሚደርስበትን ነቀፋ ራሱ ያመጣው ነው። ዶሮ ወጥ ሁዳዴ የተፈታበት፣ አሥራ ሁለት ብልቱና ዕንቁላሉ ተቆጥሮ የሚቀርብ የዓመት በዓል ምግብ ነው፤ ቀኑን ሙሉ ቁሌት ሲማሰልም ዓላማ አለው። የማሩ ዶሮ ግን ጾም ባልሆነ ተራ ቅዳሜ፣ ቤት ያለውን ሽንኩርት ይዞ ከሰዓት በኋላ የሚጀመር ራት ነው። በርበሬ የለበትምና ልጆች ይወዱታል፤ ትልልቆቹ ከጎን ሚጥሚጣ ቢያስቀምጡ ጣፋጩንና የሚያቃጥለውን በአንድ ጉርሻ ያገኙታል፣ ሞሮኮዎቹም ሀሪሳ የሚሉትን የበርበሬ ድልህ እንዲሁ ከጎን ያደርጋሉ። ከምን ጋር ይበላ ለሚለው፣ በነጭ የፎገራ ሩዝ ላይ ሲደፋ ሩዙ መረቁን ይጠጣል፣ ሎሚውም ሙሉ ይሁን። በእንጀራ ከሆነ ግን የሎሚውን ግማሽ ቀንሱት፤ እርሾው ያኮመጠጠው እንጀራ ማሩን የሚገራበት የራሱ ኮምጣጣነት አለው፣ በተለይ ትናንት የተጋገረ ከሆነ።